በአናቱ የተተከለው አጥር

ኤድንበራ፣ ነሐሴ 3 ቀን 1954 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ አድማሴ፤

ሰላምታዬ እንደ ጥርባ ጉም ከደጅዎ አይጥፋ። እንደምን ከረሙ? ጉልበትዎስ? እኔ፣ ከናፍቆትዎ፣ ከብርዱና ከአንድ አበባ በቀር፣ አምላክ ይመስገን ደህና ነኝ። ናፍቆቱን ችየዋለሁ፤ ለብርዱ ካፖርት ገዝቻለሁ፤ እዚህ ነሐሴም ጥር ነው። ያልቻልኩት አበባውን ነው።

ነገሩን ከሥሩ ልንገርዎ። የምማረውን ያውቃሉ፤ እርስዎ «የቅጠል ሐኪም» ያሉት ትምህርት ነው። የመመረቂያ ጽሑፌ በአገራችን ኦርኪዶች ላይ ነው። ኦርኪድ ብዙው ከዛፍ ቅርንጫፍ ላይ ተለጥፎ የሚኖር፣ የዛፉን ምግብ ግን የማይሰርቅ ተክል ነው። በደብራችን ቅጥር፣ ከቤተልሔሙ አጠገብ ባለው ዋንዛ ላይ በየጥቅምቱ ነጭ አበባ የሚያወጣውን ያስታውሱታል። አባቴ ሞቶ እርስዎ ሲያሳድጉኝ፣ ፊደል የቆጠርኩት ከዚያ ዋንዛ ሥር ነው።

አበባው ስድስት ቅጠል አለው። አምስቱ ይመሳሰላሉ፤ ስድስተኛው ወፈር ብሎ እንደ በግ ምላስ ወጣ ይላል። ከንፈር ይሉታል። ንብ መጥታ የምታርፈው በእሱ ላይ ነው፤ የደጅ መደብ ይበሉት። ታዲያ እምቡጥ ሳለ ከንፈሩ ከላይ ነው። ሊፈታ ሲል አንገቱን ግማሽ ዙር ጠምዝዞ ከንፈሩን ወደ ታች ያመጣዋል። እንዲህ የሚያደርገውን አበባ ሊቃውንቱ «ረሱፒናት» ይሉታል። ከላቲን የተወሰደ ብርቅ ቃል ነው፤ ከእነሱ ውጭ የሚያውቀው የለም፤ «በጀርባው የተንጋለለ» ማለት ነው። የማይጠመዘዝም አለ፤ እሱ ከንፈሩን ከላይ እንዳደረገ ይፈታል።

እዚህ ያለው የእኛ አበባ በወረቀት መሐል ተጨፍልቆ የደረቀ ነው። የተጨፈለቀ ነገር ላይና ታች የለውም። በጉባኤ ላይ የእኛው ከየትኛው ወገን ነው ተብሎ ሲጠየቅ እኔ ብድግ ብዬ «ይህ አይንጋለልም፤ ከንፈሩ ከላይ ነው፤ በዓይኔ አይቻለሁ» አልኩ። የጽሑፌም ዋና ክፍል የቆመው በዚህ ቃል ላይ ነው። መምህሬ ሽማግሌ ናቸው፤ «በስንት ዓመትህ አየኸው?» አሉኝ። «በሰባት» አልኩ። ዝም አሉ። እዚህ አገር ዝምታ ስድብ ነው።

እስከ ጥር ድረስ አበባውን በቁሙ ያየ ሰው ቃል ካላመጣሁ ያ ክፍል ይሰረዛል። እሱ ከተሰረዘ የሚተርፈው ለዲግሪ አይበቃም፤ የተፈቀደልኝ ጊዜም ያን ጊዜ ያልቃል። ከዚያ ወዲያ ያለኝ መንገድ፣ ባዶ እጄን መመለስ ነው።

ስለዚህ አያ፣ አበባው ሲፈታ ከዋንዛው ሥር ቆመው ይዩልኝ። ከንፈሩ ወደ ላይ ነው ወይስ ወደ ታች? ሌላ ምንም አልጠይቅዎ። የአገሬው ሰው ምን ብሎ እንደሚጠራውም ቢነግሩኝ ደስ ይለኛል።

እኅቴን የሻረግንና ባሏን በዛብህን ይሳሙልኝ።

ጸሎትዎን የሚሻ ልጅዎ
ሀብቱ


ጥርባ፣ መስከረም 24 ቀን 1955 ዓ.ም.

ለልጄ ለሀብቱ፤

አንተን በባዕድ አገር የጠበቀ አምላክ እኛንም በዚህ ክረምት ጠብቆናልና ስሙ የተመሰገነ ይሁን። ደብዳቤህ ከኤድንበራ ዳንግላ እስኪደርስ የወሰደበት ጊዜና ከዳንግላ እኔ ዘንድ እስኪደርስ የወሰደበት ጊዜ እኩል ነው። ባሕሩን የሚያሻግር ጀልባ አለ፤ የእኛን ወንዝ ግን እስኪጎድል መጠበቅ ነው።

ጉልበቴን ጠይቀሃል። አንተ የቅጠል ሐኪም ነህና፣ ቅጠል እስኪያወጣ እጠብቃለሁ።

የአገሩ ወሬ ይህ ነው። ገብሱ አምሯል። የአዲስ ቅዳም ገበያ ከሰል አብዝቶ ድንች አሳንሷል። የሻረግና በዛብህ የግቢ አጥር ጀምረዋል፤ አጥሩ ሳያልቅ ትዳሩ እንዳያልቅ ፈርቼ ነበር። አንተም እንደምታውቀው እኛ የአጥር እንጨት የምንተክለው በአናቱ ነው። እኅትህም በዚያው ልማድ ስትጀምር በዛብህ መጥቶ መንቀል ያዘ።

«ምን ሆነህ ነው?» አለችው።

«እንጨቱን ዘቅዝቀሽዋል!»

«አውቄ ነው። በእግሩ ከተከልኸው ያቆጠቁጥና አጥርህ ጫካ ይሆንብሃል። በአናቱ ሲሆን ውሃ አይስብም፤ አርፎ ይቀመጣል።»

«እኔ ያደግሁት ዳንግላ ነው። እዚያ እንጨትም ሰውም በእግሩ ነው የሚቆም።»

«አናታችሁንማ መች ትጠቀሙበታላችሁ!»

እኔ ስደርስ ነገሩ እዚህ ላይ ነበር። ብዙ ዓመት የፍርድ ቤት ጸሐፊ ነበርኩና ፈረድኩ፦ ከበሩ በስተቀኝ በእሷ ልማድ ይተከል፣ በስተግራ በእሱ። ሁለቱም ይግባኝ ብለዋል።

ስለ አበባው ስም ጠይቄአለሁ። አገውኛ ተናጋሪው በአገውኛ፣ አማርኛ ተናጋሪው በአማርኛ፣ ሁሉም «ያ ዛፍ ላይ የሚሆነው» አሉኝ። ይህ ስም ከሆነ ጻፈው።

ዋንዛው ለቤተ ክርስቲያን እያገለገለ ነው።

አንድ ነገር ላስቸግርህ። ዳዊቴን የምደግመው በቃሌ ነው፤ ገጹን የምገልጠው ለወጉ ነው። እዚያ የሽማግሌ መነጽር የማይታጣ ከሆነ አንድ ላክልኝ።

በደህና ያገናኘን።
አድማሴ


ኤድንበራ፣ ጥቅምት 14 ቀን 1955 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ አድማሴ፤

ጤናዎ ከዕድሜዎ ይብለጥ እያልኩ እጅ እነሣለሁ። ከዚህ ደብዳቤ ጋር መነጽር በጥቅል ልኬአለሁ። ባለ ሱቁ የሰውየውን ዓይን ሳላይ አልሸጥም ቢለኝ፣ ዳዊትን በቃላቸው እንደሚደግሙ ነገርኩት፤ ምን እንደገባው አላውቅም፣ ወፍራሙን ሰጠኝ።

አያ፣ ደብዳቤዎን ደጋግሜ አነበብኩት። ስለ ገብስ፣ ስለ ድንችና ስለ አጥር የጻፉትን ሁሉ አጠናሁት። ስለ ዋንዛው አንድ መስመር ብቻ ነው ያለው፤ እሱም እንቅልፍ ነሳኝ። «ለቤተ ክርስቲያን እያገለገለ ነው» ብለዋል። ከሦስት ዓመት በፊት ጥቁሩ በሬያችን እንዴት እንደሆነ ብጠይቅዎ ይህንኑ ቃል ነበር የጻፉልኝ። በኋላ ስሰማ ለካስ በሬው የከበሮ ቆዳ ሆኖ ኖሯል።

እባክዎን እውነቱን ይንገሩኝ። ዋንዛው አለ? ካለ አበባው ይኼኔ ተፈትቷል። መምህሬ ትናንት በደረጃው ላይ ሲያገኙኝ «የሰባት ዓመቱ ምስክር ምን አለ?» አሉኝ፤ እየሳቁ ነበር፤ ቢቆጡ ይሻለኝ ነበር። ሌሎቹ ተማሪዎች ጽሑፋቸውን ለመጠረዝ ሰጥተዋል። እኔ በየቀኑ ፖስታ ሳጥን እከፍታለሁ።

መልካሙም ክፉውም ይምጣ፤ ብቻ ይምጣ።

ልጅዎ ሀብቱ


ጥርባ፣ ኅዳር 2 ቀን 1955 ዓ.ም.

ለልጄ ለሀብቱ፤

ሰላም ለአንተ ይሁን። መነጽሩ አልደረሰም፤ ደብዳቤህ ግን ደርሶ ያለ መነጽር አስነብቦኛል፤ የዳንግላ ተማሪ ነው ያነበበልኝ። የበሬውን ነገር ሲያነብ ስለሳቀ ሁለት ጊዜ አስደገምኩት።

ዋንዛው የለም።

በጳጉሜን ዝናብ ሥሩ ተፈነቀለና ወደ ቤተልሔሙ አዘመመ። መምሬ ቢሻው መገበሪያ ይዘው በገቡ ቁጥር «ዛሬ ነው የሚወድቅብኝ» እያሉ ይሳለሙ ጀመር። ሰበካው ሲመክር «ሳይወድቅ ይውረድ» ያልኩት እኔ ነኝ። በመስቀል ሳምንት ደቦ ወጥቶ ተቆረጠ። አንተ «ከዋንዛው ሥር ቆመው ይዩልኝ» ያልከው ደብዳቤ የደረሰኝ ግንዱ ከተጎተተ በኋላ ነው። ግንዱ ዛሬ የቤተልሔሙ በርና ምሰሶ ነው። እንዳልኩህ ያገለግላል። ቅርንጫፉን በልማዳችን መጥረቢያ ያነሣ ሁሉ ተካፍሎታል፤ ገሚሱ ነደደ፣ ገሚሱ አጥር ሆነ። አበባው ከዚያ በኋላ ምን ተስፋ አለው ብዬ ተውኩት።

ይህን ልጽፍልህ ብዕር ባነሣሁ ቁጥር ስለ ገብስ የሚጻፍ ነገር ይመጣልኝ ነበር።

ዝም ብዬ ግን አልተቀመጥኩም። በቅሎዬን ጭኜ ዘንገና ሐይቅ ዳር ወዳለው ደን ወጣሁ። እዚያ ያ ዛፍ ላይ የሚሆነው ሞልቷል፤ ያለው ግን ከአናቴ እጅግ ከፍ ብሎ ነው። ለእኔ ዓይን አበባውም፣ ደመናውም፣ የጉሬዛው ጅራትም አንድ ነጭ ነገር ነው። ወረቀትና እርሳስ ይዤ አንጋጥጬ ስዞር የአገሩ ገበሬዎች ከበቡኝ።

«አያ፣ ምኑን ነው የሚለኩ?» አለኝ አንዱ በአገውኛ።

«አልለካም። አበባ እያየሁ ነው።»

«ወረቀት ይዞ ከመንግሥት ከመጣ ሰው በቀር ዛፋችንን አንጋጦ ያየ የለም። መሬቱን ሊያስለኩብን ነው!»

«እመብርሃንን! የማየው ከንፈሩን ነው፤ ወደ ላይ ነው ወይስ ወደ ታች?»

እርስ በርሳቸው ተያዩ። «እሱ ከሆነማ» አለ ትልቁ፣ «የእኛ ጉዳይ አይደለም፤ የንስሐ አባትዎ ጉዳይ ነው።» በቅሎዬን አዙረው እስከ መንገዱ ሸኙኝ።

ልጄ፣ እንግዲህ ምክር የለኝም። ዲግሪ የሌለው ሰው ያረሰው ገብስም ይበቅላል። ባዶ እጅህን ብትመጣም እጅህን ነው የምንፈልገው። ይህን የምልህ ግን ለማጽናናት ነው፤ ነገሩ እንዳንገበገበኝ እወቅልኝ።

አድማሴ


ጥርባ፣ ኅዳር 20 ቀን 1955 ዓ.ም.

ለልጄ ለሀብቱ፤

መልስህን ሳልጠብቅ ጻፍኩ፤ ሰላምታውን ከግርጌ አስቀምጬዋለሁ፣ ነገሩ ቸኩሏል።

መነጽሩ መጣ። አድርጌው መጀመሪያ ያየሁት የገዛ እጄን ነው፤ የማን ሽማግሌ እጅ ነው ብዬ ደነገጥኩ። ቀጥሎ ዳዊቴን ገለጥኩ፤ ዕድሜዬን ሙሉ በቃሌ ከምለው ጋር አንድ ሆኖ አገኘሁት፣ ተመስገን። ከዚያ የሻረግ ዘንድ ለምሳ ሄድኩ። ከበራቸው ስደርስ ቆምኩ።

አጥሩ አብቧል።

በዚያ አጥር ሥር በየሰንበቱ አልፋለሁ። ለእኔ አጥር ነበር። ከደብሩ ዋንዛ የተካፈሉትን ቅርንጫፍ ልጡን ሳይልጡ፣ ያን ዛፍ ላይ የሚሆነውን ሳያራግፉ እንዳለ ተክለውት ኖሯል። እምቡጡ ዛፉ ሳይቆረጥ የወጣ ነው፤ የተፈታው አጥር ላይ ነው። እጮህ ጀመር። የሻረግ እንዝርቷን እንደያዘች ወጣች።

«እባብ ነው?»

«አበባ ነው!»

«እሱማ ከጥቅምት ጀምሮ ነው።» ከዚያ ነገሩን ሁሉ ስነግራት እጇን ወገቧ ላይ አደረገች። «አያ፣ ለዚህ ነው ዘንገና ድረስ ሄደው ገበሬ የሸኘዎ? አገር ምድሩን ሲጠይቁ እኔን ምነው ዘለሉኝ?»

እውነቷን ነው። ወንድምሽ የሚሻውን ዋንዛ ያስቆረጥኩት እኔ ነኝ እንዳልላት ብዬ ከእሷ በቀር ሁሉን ጠይቄ ነበር።

እንግዲህ አስተውል። መጀመሪያ የበዛብህን ወገን አየሁ፤ እንጨቱ በእግሩ የተተከለበትን። ከንፈሩ ሁሉ ወደ ታች ነው። በጉባኤ የተናገርከው ሐሰት ሆነ ማለት ነው። ቀጥዬ ወደ የሻረግ ወገን ዞርኩ። እንጨቱ የተዘቀዘቀ ስለሆነ እዚህስ ከንፈሩ ወደ ላይ ይሆናል አልኩ። ጎንበስ አልኩ። ወደ ታች ነው! መነጽሩን ጠረግሁ። ወደ ታች ነው። በዛብህ «የእኔው ነው ልክ» አለ፤ እሷ «የእኔም ያው ነው፣ ታዲያ በምን በለጥኸኝ?» አለችው። እኔ ግን አንገቱን ማየት ፈለግሁ። አንድ ከዚህ፣ አንድ ከዚያ ቀጥፌ ለእኅትህ ሰጠኋት፤ ከእሷ ጣት ይልቅ ጥምዝ የሚለይ የለም። በጣቷ ስባ ስባ አየችው።

«ይህ የበዛብህ የተፈተለ ነው» አለች። «ይህ የእኔ አልተፈተለም፤ ቀጥ ያለ ነው።»

በሁለቱም ወገን እየቀጠፍን ደገምነው፤ ለውጥ የለውም። በእግሩ በቆመው እንጨት ላይ አበባው ራሱን ጠምዝዞ ከንፈሩን ወደ ታች አምጥቷል። በአናቱ በተተከለው ላይ፣ ከላይ የነበረው ከንፈር እንጨቱ ሲዘቀዘቅ ያለ ድካም ታች ስለደረሰ አልተጠመዘዘም። እኔ የሊቃውንትህን ቃል አሁን የገባኝ እንዲህ ነው፦ አበባው የሚንጋለለው ተንጋለል ተብሎ ስለታዘዘ አይደለም። መሬት በየት በኩል እንዳለ ያውቃል፤ እስኪያገኛት ይዞራል፣ ካገኛት ደግሞ አይለፋም። በአናቱ ተክለኸውም አትሸውደውም።

አንተ ግን «በዓይኔ አይቻለሁ» ያልከው ውሸት አይደለም። እኔ ምስክር ነኝ። ጓደኞችህ ቁመው የሐዋርያ መልእክት ንባብ ሲያጠኑ አንተ እግርህን ሽቅብ ወደ ግንዱ ሰቅለህ፣ በጀርባህ ተዘርግተህ ወደ ቅርንጫፉ ታፈጥ ነበር። በመቋሚያ ነክቼ ያስነሣሁህ እኔ ነኝ። እንደዚያ ተኝቶ ያየ ሰው ላዩ ታች፣ ታቹ ላይ ቢሆንበት ምን ይገርማል? የአበባውን ነገር ተወው፤ ረሱፒናቱ አንተ ነበርክ።

ከሁለቱም ወገን አበባ ልኬልሃለሁ። የተጨፈለቀ ላይና ታች የለውም ስላልክ፣ የሻረግ ሳይቀጠፉ በፊት ወደ መሬት ባለው በኩል ቀይ ክር አሥራባቸዋለች። በዳዊቴ መሐል አድርቄአቸዋለሁ። ዳዊቱን አሁን የማነበው ቢሆንም፣ ገጹ ስለረጠበ አልተቀየምኩም።

የከረመውን ሰላምታ ተቀበል፤ እግዚአብሔር ይጠብቅህ።
አድማሴ


ኤድንበራ፣ ጥር 21 ቀን 1955 ዓ.ም.

ለተከበሩ አያ አድማሴ፤

የምመርቅዎትን አጣሁ፤ የሚመርቁኝ እርስዎ ነበሩ፣ ዛሬ ተገለበጠብኝ። አለፍኩ። አያ፣ አለፍኩ!

ጥቅልዎ የደረሰኝ በፈረንጆች ገና ማግስት ነው። ዋናውን ክፍል በገዛ እጄ ሰርዤ አዲስ ጻፍኩ፤ «በሰባት ዓመቴ ያየሁት በጀርባዬ ተኝቼ ስለነበር አይቆጠርም» የሚል አረፍተ ነገር ሳይቀር አስገባሁ። መምህሬ አንብበው ሲጨርሱ ዝም አሉ። ወየው ብዬ ተነሣሁ። ለካ አጉሊ መነጽር እየፈለጉ ነው። ቀዩን ክር እየተከተሉ አበባዎቹን አንድ በአንድ አዩዋቸው።

በፈተናው ዕለት አንዱ ሊቅ «ተክሉ ወደ መሬት እንደሚዞር በማሰሮ ከሚተከል አበባ የታወቀ ነው» አለ። መምህሬ «ከማሰሮ አዎ፣ ከዚህ አበባ ግን ማንም አላየም፤ በቁሙም በዝቅዝቁም፣ ከአንድ ዛፍ፣ በአንድ በር ግራና ቀኝ» ብለው ተከራከሩልኝ። ሊቁ ወደ እኔ ዞሮ «ይህን ሙከራ ያዘጋጀው ማን ነው?» አለኝ።

«እኅቴና ባሏ።»

«ተመራማሪዎች ናቸው?»

«አይደሉም። ባልና ሚስት ናቸው።»

ከዚያ በኋላ የሚጠይቅ አልነበረም። ሁሉም ያገቡ ናቸው መሰለኝ።

ክረምቱ ሳይገባ እመጣለሁ። ለየሻረግ መቀስ፣ ለበዛብህ መጋዝ ይዣለሁ። ለእርስዎ ጉልበት የዚህ አገር ሐኪም ቅባት ሰጥቶኛል፤ የሰው ሐኪም ነው።

ልጅዎ ሀብቱ


ጥርባ፣ መጋቢት 9 ቀን 1955 ዓ.ም.

ለልጄ ለሀብቱ፤

ደስታ ያልለመደው ሰው ሲደሰት ሳል ይይዘዋል፤ ደብዳቤህን ካነበብኩ ወዲህ ስስል ነው የምውለው። ያነበብኩት እኔው ራሴ ነኝ፤ የበሬ ነገር ስለሌለበት ለተማሪው አልሰጠሁትም።

መምሬ ቢሻው በአዲሱ ምሰሶ ሥር ጸሎት አድርሰውልሃል። ቤተልሔሙ ሲገቡ አሁን ቀና ብለው ነው የሚሄዱት።

ለየሻረግና ለበዛብህ ደብዳቤህን አነበብኩላቸው። አንድ ጥያቄ ብቻ ነበራቸው፤ «ማን ረታ ይላል?» አሉኝ። ሁለታችሁም ብዬ ብነግራቸው ፍርዱን አልተቀበሉም። አሁን ደግሞ አዲስ ነገር ተነሥቷል። የሻረግ እንደተነበየችው ከበዛብህ ወገን አንዱ እንጨት ቅጠል አወጣ። እሷ «ብያለሁ፤ ይነቀል» ትላለች። እሱ ጓሮ የሚወጣ መስሎ በማንቆርቆሪያ ውሃ ያጠጣዋል። እሷም እያየችው ነው፤ ማንቆርቆሪያውን የምትሞላለት ማን መሰለችህ?

ዋንዛ ነው፤ ጥላ እስኪሆን ብዙ ዓመት ይፈልጋል። ስለዚህ ስትመጣ በጀርባ የሚተኙበት ጥላ የለንም። እስከዚያው ድረስ በዚህ አገር ያለውን ነገር ሁሉ ቁመህ እየው።

አድማሴ